በሯጭ አካል ላይ የሚታሰሩ ዳሳሾች፦ የሚለኩትና የሚገምቱት

በእንጦጦ ጫካ፣ በሱሉልታና በሰንዳፋ ሜዳዎች ማለዳ ልምምድ ከሚያደርጉ ወጣት ሯጮች መካከል የሳተላይት ምልክት የሚቀበል ሰዓት በእጁ ያሠረ ማየት ዛሬ ብርቅ አይደለም። ሰዓቱ አብዛኛውን ጊዜ ከባሕር ማዶ የመጣ ነው፤ ወይ ለውድድር ወጥቶ የተመለሰ ጓደኛ አምጥቶታል፣ ወይ ወኪል ሰጥቶታል፣ ወይም በውጭ የሚኖር ዘመድ ልኮታል። በአሜሪካ፣ በአውሮጳና በዐረብ አገሮች የምንኖር ኢትዮጵያውያን ለሀገር ቤት ሯጭ ከምንልካቸው ስጦታዎች አንዱ ይኸው ሰዓት ሆኗል። ዕቃው ይላካል እንጂ ስለ አሠራሩ በአማርኛ የሚያስረዳ ጽሑፍ አብሮት አይሄድም። ይህ ጽሑፍ ያንን ጉድለት በከፊል ለመሙላት የታሰበ ነው።

ለአንባቢያን ልናስረዳ የምንሻው ዋና ጉዳይ አንድ ነው። በሰዓቱ ገጽ ላይ ጎን ለጎን የሚታዩት ቁጥሮች እኩል እምነት የሚጣልባቸው አይደሉም። ከፊሎቹ ከሯጩ አካል ወይም ከሰማይ በቀጥታ የተለኩ ናቸው፤ ከፊሎቹ ከተለካው ነገር ተሰልተው የተገኙ ናቸው፤ የቀሩት ደግሞ ከሌሎች ሰዎች በተወሰደ አማካይ ላይ የቆሙ ግምቶች ናቸው። ሰዓቱ ግን ሦስቱንም በአንድ ዓይነት ፊደል፣ በአንድ ዓይነት ድፍረት ያሳያቸዋል። ለጤናው ሲል በእሑድ ጧት ለሚሮጥ ሰው ይህ መደባለቅ ብዙ አይጎዳውም። ኑሮውን፣ አልፎም የወላጆቹንና የእኅት ወንድሞቹን ኑሮ በእግሩ ላይ ለመሠረተ ወጣት ግን ግምቱን እንደ ልኬት መቀበል የአንድ የውድድር ዘመን ድካም ሊያስከፍለው ይችላል።

«ዳሳሽ» የምንለው ብዙዎች በተለምዶ «ሴንሰር» የሚሉትን ነው፤ ይኸውም አንድን አካላዊ ለውጥ፣ ለምሳሌ ብርሃንን፣ ንቅናቄን ወይም የኤሌክትሪክ ግፊትን ተቀብሎ ወደ ቁጥር የሚለውጥ ጥቃቅን መሣሪያ ነው። በጽሑፉ ውስጥ የሚጠቀሱት ዓመታት እንደ አውሮጳውያን አቆጣጠር ናቸው፤ «ዓ.ም.» ብለን የጻፍነው ብቻ የኢትዮጵያ ነው። ይህን ማሳሰቢያ ያስቀመጥነው ለወግ ብቻ እንዳልሆነ አንባቢ ወደ ኋላ ላይ ይረዳልናል።

የልብ ምት

የልብን የኤሌክትሪክ ግፊት በሚገባ መዝግቦ ለሕክምና ያበቃው የኔዘርላንዱ ሐኪም ቪለም አይንትሆቨን ነው፤ ለዚህም በ1924 የኖቤል ሽልማት ተሰጥቶታል። የእርሱ መሣሪያ አንድ ክፍል የሚሞላ ነበር። በ1940ዎቹ መጨረሻ አሜሪካዊው ኖርማን ሆልተር የልብ ምትን ከሚንቀሳቀስ ሰው ላይ በሬዲዮ ለማስተላለፍ ሲሞክር፣ በጀርባ የሚታዘለው መሣሪያ 38 ኪሎ ያህል ይመዝን ነበር። ሩጫን ለማጥናት እንዲህ ያለ ሸክም እንደማይመች ግልጽ ነው። ነገሩን የለወጠው በፊንላንድ በኦሉ ዩኒቨርሲቲ የኤሌክትሮኒክስ መምህር የነበረው ሴፖ ሳይናያካንጋስ ነው። በበረዶ ላይ የሚንሸራተቱ ስፖርተኞች የልብ ምታቸውን በልምምድ ላይ ሳሉ እንዲያውቁ በማሰብ በ1977 ፖላር የተባለውን ድርጅት አቋቋመ፤ በ1982 ደግሞ በደረት ላይ ከሚታሠር ቀበቶ ወደ እጅ ሰዓት ያለ ሽቦ መልእክት የሚልክ መሣሪያ ለገበያ ቀረበ።

የደረት ቀበቶው አሠራር ያልተወሳሰበ ነው። ልብ በተኮማተረች ቁጥር የሚፈጠረውን አነስተኛ የኤሌክትሪክ ግፊት በቆዳ ላይ ያረፉት ሁለት ንክኪዎች ይይዙታል፤ መሣሪያው ከአንዱ ምት እስከ ቀጣዩ ያለውን ጊዜ ይቆጥራል። ላብ ንክኪውን ስለሚያሻሽለው ቀበቶው ሯጩ እየጋለ ሲሄድ ይበልጥ የታመነ ይሆናል። ይህ በእርግጥ ልኬት ነው።

በእጅ ሰዓት ጀርባ የሚታየው አረንጓዴ ብርሃን ሥራው ከዚህ ይለያል። ደም አረንጓዴ ብርሃንን አጥብቆ ይመጥጣል። ልብ ደም በገፋች ቁጥር በቆዳ ሥር ያሉት ጥቃቅን የደም ሥሮች ይሞላሉ፤ ያን ጊዜ ወደ ሰዓቱ ተመልሶ የሚመጣው ብርሃን ይቀንሳል፤ ደሙ ሲያልፍ ደግሞ ይጨምራል። ሰዓቱ ይህን ብልጭ ድርግም ቆጥሮ የልብ ምት ብሎ ያቀርበዋል። እንግዲህ የተለካው የብርሃን መጠን ነው፤ የልብ ምቱ ከዚያ የተሰላ ነው። ሰው ጸጥ ብሎ ተቀምጦ ሳለ ስሌቱ በጣም ጥሩ ነው። ሲሮጥ ግን እጁ ይወዛወዛል፣ ሰዓቱ ይንሸራተታል፣ ከውጭም ብርሃን ይገባል። በብርዳማ ማለዳ የእጅ ደም ሥሮች ስለሚጠብቡ ምልክቱ ይደክማል፤ የእንጦጦን የጥቅምትና የኅዳር ንጋት የሚያውቅ ሰው ይህ ምን ማለት እንደሆነ አይጠፋውም። ከዚህ ሁሉ የሚብሰው ደግሞ ሰዓቱ የእግርን ርምጃ ከልብ ምት ጋር የሚያምታታበት ጊዜ ነው። ሯጭ በደቂቃ ከ160 እስከ 180 ጊዜ ይረግጣል፤ በጠንካራ ልምምድ ላይ ያለ ልብም በዚያው አካባቢ ይመታል። ሁለቱ ምቶች ሲቀራረቡ መሣሪያው ጠንካራውን ምልክት ይከተላል፤ ጠንካራው ምልክት ብዙ ጊዜ የእግሩ ነው። በዝግታ እየሮጠ ሰዓቱ 175 ያሳየው ሰው ልቡ ታሞ ከሆነ ብሎ ከመደንገጡ በፊት የርምጃውን ብዛት ቢመለከት መልካም ነው።

ስለ ቆዳ ቀለም የሚነሣው ጥያቄ እኛን በቀጥታ የሚነካ በመሆኑ ሳንጠቅሰው አናልፍም። ሜላኒን፣ ማለትም ለቆዳ ጥቁረት የሚሰጠው ንጥረ ነገር፣ አረንጓዴ ብርሃንን ይመጥጣል፤ ስለዚህ በጠቆረ ቆዳ ላይ ተመልሶ የሚመጣው ብርሃን ያነሰ ይሆናል። በ2017 የስታንፎርድ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች 7 መሣሪያዎችን በ60 በጎ ፈቃደኞች ላይ ሲፈትኑ በጠቆረ ቆዳ ላይ ስሕተቱ ከፍ ብሎ አግኝተውታል። በ2020 በዱክ ዩኒቨርሲቲ የተደረገው ጥናት ደግሞ በቆዳ ቀለም ረገድ ጉልህ ልዩነት አላገኘም፤ ይልቁንም በእንቅስቃሴ ላይ ያለው ስሕተት ከዕረፍቱ በአማካይ በ30 በመቶ እንደሚበልጥ አሳይቷል። ከዚህ በመነሣት የልብ ምትን በተመለከተ ዋናው ጠላት ንቅናቄ ነው ለማለት እንደፍራለን። የደም ኦክሲጅንን በሚመለከት ግን ጉዳዩ ከበድ ይላል። በዚያው በ2020 በአሜሪካ ሆስፒታሎች በጣት ላይ የሚደረገውን የኦክሲጅን መለኪያ የመረመረ ጥናት፣ መሣሪያው የኦክሲጅን እጥረትን ሳያይ የማለፉ ነገር በጥቁር ሕሙማን ላይ በነጮቹ ላይ ከታየው ወደ ሦስት እጥፍ እንደሚደርስ አመልክቷል። ሆስፒታል ውስጥ በጣት ላይ ተጨብጦ እንዲህ የሚስት መሣሪያ፣ ሮጦ በደከመ ሰው እጅ ላይ ተንጠልጥሎ የሚሰጠው የኦክሲጅን ቁጥር ለሥልጠና ውሳኔ የሚበቃ አይመስለንም።

ርቀትና ፍጥነት

ርቀትን የሚያሰላው ክፍል ከሰማይ ምልክት ይቀበላል። ከምድር 20,200 ኪሎ ሜትር ርቀት ላይ የሚዞሩት የአሜሪካ የአቅጣጫ ሳተላይቶች እጅግ የረቀቀ ሰዓት ተሸክመው «አሁን ይህን ያህል ሰዓት ነው፤ እኔም እዚህ ቦታ ነኝ» የሚል መልእክት ሳያቋርጡ ያሰማሉ። በእጃችን ያለው መሣሪያ ከአራት ሳተላይቶች የመጣውን መልእክት የመዘግየት መጠን አነጻጽሮ ያለበትን ቦታ ያሰላል። ብርሃን በአንድ ሚሊዮንኛ ሴኮንድ 300 ሜትር ስለሚጓዝ በጊዜ ላይ የምትፈጠር ኢምንት ስሕተት በቦታ ላይ ትልቅ ትሆናለች። እስከ 2000 ድረስ የአሜሪካ መንግሥት ለሲቪል ተጠቃሚ የሚደርሰውን ምልክት ሆን ብሎ ያዛባው ስለነበር ስሕተቱ እስከ መቶ ሜትር ይደርስ ነበር። በግንቦት 2000 ፕሬዚዳንት ክሊንተን ይህ መዛባት እንዲቀር አዘዙ፤ በ2003 ጋርሚን የተባለው ኩባንያ ለሯጮች የተሠራውን የመጀመሪያ ሰዓቱን አወጣ። የሩጫ ሰዓት ታሪክ ከወታደራዊ ውሳኔ ጋር እንዲህ የተሳሰረ ነው።

ዛሬ በገላጣ ሜዳ ላይ ስሕተቱ ጥቂት ሜትር ብቻ ነው። በሁለት ዓይነት ሞገድ የሚሠሩት አዳዲሶቹ ሰዓቶች ደግሞ የተሻሉ ናቸው። በረጃጅም ሕንጻዎች መካከልና በዛፍ ጥላ ሥር ግን ምልክቱ እየተጋጨ ዞሮ ስለሚመጣ ቦታው ይዋልላል። የኢትዮጵያ ሯጮች የዝግታ ልምምዳቸውን በባሕር ዛፍ ጫካ ውስጥ፣ አንዱ የሌላውን እግር እየተከተለ፣ ዳገቱን ቀጥ ብለው ሳይሆን እየተጠማዘዙ የመውጣት ልማድ አላቸው። ሰዓቱ ቦታውን በየሴኮንዱ እየመዘገበ ነጥቦቹን በቀጥታ መስመር ስለሚያያይዝ፣ ድንገተኛ ጥምዝምዙ ተቆርጦ ይቀራል። ውጤቱም ሯጩ ከሮጠው ያነሰ ርቀትና ከእውነቱ የዘገየ ፍጥነት ነው። ለአንድ ሰዓት ተኩል በ3,000 ሜትር ከፍታ ላይ ዳገት ቁልቁለት የወጣ የወረደ ወጣት «በኪሎ ሜትር 6 ደቂቃ» የሚል ቁጥር አይቶ ቢያፍር ወይም በማግሥቱ ጫካውን ትቶ አስፋልት ቢመርጥ፣ ጥፋቱ የሰዓቱ ቁጥር ነው። አስፋልቱ ግን እግርን ይጎዳል፤ የሀገራችን አሠልጣኞች ይህን ያለ ዳሳሽ ያውቁታል።

በጎዳና ውድድር ላይ ስሕተቱ በተቃራኒው ነው። የማራቶን መንገድ የሚለካው በተስተካከለ ብስክሌት፣ ሯጭ ሊሄድበት በሚችለው እጅግ አጭር መስመር ላይ ነው፤ መንገዱ እንዳያጥርም በየኪሎ ሜትሩ አንድ ሜትር ይጨመርበታል። ሯጭ በየመታጠፊያው ሰፋ አድርጎ ሲዞር፣ ውሃ ለመጠጣትም ወደ ዳር ሲወጣ ከዚያ የበለጠ ይሮጣል፤ የሳተላይቱ መዋለል ሲታከልበት ሰዓቱ 42.195 ብሎ የሚጮኸው መድረሻው ገና ሳይታይ ነው። የአንድ በመቶ ልዩነት 420 ሜትር ያህል ነው። ቀነኒሳ በቀለ በ2019 በርሊን ላይ 2:01:41 ሲገባ የዓለም ክብረ ወሰን በ2 ሴኮንድ አመለጠው፤ በነበረበት ፍጥነት 2 ሴኮንድ ማለት ከ12 ሜትር ያነሰ ርቀት ናት። ስለሆነም በውድድር ቀን መታመን ያለበት በመንገዱ ዳር የተተከለው የኪሎ ሜትር ምልክትና ተራው የሰዓት ቆጠራ ነው፤ በእጅ ላይ የሚታየው የፍጥነት ቁጥር ለአጋዥነት ብቻ ይቀመጥ።

ንቅናቄ

በሰዓቱ ውስጥ፣ አንዳንዴም በጫማ ላይ የሚታሠር ሌላ ዳሳሽ አለ። አንዳንዶች ፍጥንጥነት፣ ሌሎች ሽምጠጣ የሚሉትን የፍጥነት ለውጥ የሚለካ ነው። ከሲሊከን የተቀረጸች፣ ከአሸዋ ቅንጣት ብዙም የማትበልጥ ክብደት በረቂቅ ምንጮች ላይ ተንጠልጥላለች፤ አካሉ ሲነቃነቅ እርስዋ ትዘገያለች፤ መዘግየቷ በኤሌክትሪክ ይለካል። መኪና ሲጋጭ የአየር ከረጢቱን የሚያስነሣው መሣሪያ የዚሁ ቤተሰብ ነው።

በጫማ ላይ ያለው ዳሳሽ እግር መሬት የነካበትን ቅጽበት በደንብ ይይዛል። በእጅ ላይ ያለው ግን የክንድን ውዝዋዜ ለክቶ ስለ እግር ይናገራል። ክንድና እግር በአብዛኛው ሰው አብረው ስለሚሄዱ የርምጃ ቁጥሩ ጥሩ ነው፤ ስለ ግራና ቀኝ እግር ሚዛን ከእጅ ተነሥቶ መናገር ግን ሌላ ነገር ነው። ኃይሌ ገብረ ሥላሴ ሲሮጥ ግራ ክንዱን ወደ ጎኑ አጠፍ አድርጎ እንደሚይዝ የዓለም ተመልካች ያውቃል፤ ደብተር ይዞ ወደ ትምህርት ቤት ይሮጥ ከነበረበት ጊዜ የቀረ ልማድ እንደሆነም ይነገራል። ያን ክንድ ብቻ ያየ መሣሪያ ስለ ኃይሌ እግር ምን ይል ነበር ብሎ መጠየቅ ቀልድ ቢመስልም ቁም ነገር አለው።

ከርምጃ ጋር ተያይዞ «በደቂቃ 180» የሚል ሕግ በየሰዓቱ ውስጥ ተቀምጧል። መነሻው አሜሪካዊው አሠልጣኝ ጃክ ዳንኤልስ በ1984 በሎስ አንጀለስ ኦሊምፒክ የቆጠረው የሯጮች ርምጃ ነው። እርሱ ያየው ታላላቅ ሯጮችን በውድድር ፍጥነት ላይ ሳሉ ነው፤ የዝግታ ሩጫ ላይ ያለን ጀማሪ ለዚያ ቁጥር ማስገደድ ምክንያት የለውም። በአንዳንድ ሰዓቶች ላይ በዋት የሚታየው «የሩጫ ኃይል»ም በጥንቃቄ የሚታይ ነው። ጀርመናዊው ኡልሪኽ ሾበረር በ1980ዎቹ ለብስክሌት የሠራው መለኪያ ጋላቢው በፔዳሉ ላይ የሚያሳርፈውን ጫና በእርግጥ ይለካል። በሩጫ ግን ፔዳል የለም፤ ዋቱ ከክብደት፣ ከፍጥነትና ከዳገት በቀመር የሚወጣ ነው።

በአማካይ ላይ የቆሙ ቁጥሮች

አሁን ወደ ሦስተኛው ዓይነት፣ ማለትም ወደ ግምቶቹ እንመጣለን፤ አብዛኛው ጉዳት የሚደርሰውም እዚህ ላይ ነው።

ሰዓቱ ልምምድን «ቀላል»፣ «መካከለኛ»፣ «ከባድ» እያለ የሚከፍለው ከሯጩ ከፍተኛ የልብ ምት ተነሥቶ ነው። ይህን ከፍተኛ ምት ግን ካልተነገረው በቀር አያውቀውም፤ ስለዚህ ብዙ ሰዓቶች ከ220 ላይ ዕድሜን በመቀነስ ይገምቱታል። ይህ ቀመር በ1971 ፎክስና ባልደረቦቹ ካቀረቡት ጽሑፍ የተወረሰ ሲሆን፣ እነርሱ ራሳቸው የሌሎችን ጥናቶች ነጥቦች አሰባስበው ያሰመሩት መስመር እንጂ ለዚሁ ተብሎ በተደረገ ምርመራ የተገኘ አይደለም። በ2001 ታናካና ባልደረቦቹ የብዙ ጥናቶችን ውጤት አጣምረው 208 ሲቀነስ የዕድሜ 0.7 እጅ የሚለውን የተሻለ ቀመር አቀረቡ። ሁለቱም ስለ ብዙኃኑ አማካይ ይናገራሉ፤ አንድ ሰው ከአማካዩ በ10 ምት ወይም ከዚያ በላይ ቢርቅ የሚያስደንቅ አይደለም።

ለኢትዮጵያዊ ሯጭ ደግሞ ከዚህ ሁሉ በፊት የሚመጣ ወጥመድ አለ። ሰዓቱ የትውልድ ዓመት ሲጠይቅ የሚጠይቀው በአውሮጳውያን አቆጣጠር ነው። በ1995 ዓ.ም. የተወለደ ልጅ «1995» ብሎ ቢሞላ መሣሪያው በሰባት ወይም በስምንት ዓመት ያስረጀዋል። ከፍተኛ የልብ ምቱ በስምንት ያህል ዝቅ ብሎ ይገመታል፤ ቀላል ሩጫው «መካከለኛ» ይባላል፤ መካከለኛው «ከባድ» ይሆናል። ሰዓቱም በየማታው «ከመጠን በላይ ሠርተሃል፤ ዕረፍ» ይለዋል። የትውልድ ቀን በጽሑፍ በማይያዝበት ገጠር ተወልዶ ዕድሜው ለፓስፖርት ሲባል በግምት የተሞላ ሯጭ ደግሞ በግምት ላይ ሌላ ግምት ይደረብበታል።

ከሁሉ ይልቅ የሚነገርለት ቁጥር ግን አካል በደቂቃ ሊጠቀምበት የሚችለው ከፍተኛው የኦክሲጅን መጠን ነው። ጽንሰ ሐሳቡን በ1920ዎቹ ያዳበረው እንግሊዛዊው ሊቅ ኤ. ቪ. ሂል ነው። በትክክል የሚለካው ሯጩ አፉ ላይ ጭንብል አድርጎ፣ በመሮጫ ማሽን ላይ እስኪሰግድ ድረስ እየሮጠ፣ የሚያስገባውና የሚያስወጣው አየር ሲመረመር ነው። ሰዓቱ ከዚህ አንዱንም አያደርግም። የሚያደርገው ፍጥነትንና የልብ ምትን ማነጻጸር ነው፤ በዝቅተኛ ምት በፍጥነት የሚሮጥ ሰው ከፍተኛ ቁጥር ይሰጠዋል። ሐሳቡ መጥፎ አይደለም፤ የቆመው ግን በአመዛኙ በቆላ፣ በባሕር ወለል አካባቢ ከተሰበሰበ መረጃ ላይ ነው።

አዲስ አበባ ከባሕር ወለል በላይ ወደ 2,400 ሜትር ትጠጋለች፤ ቀነኒሳን፣ ደራርቱንና ጥሩነሽን ያፈራችው በቆጂ ወደ 2,800 ትደርሳለች። በአዲስ አበባ ያለው የአየር ግፊት በባሕር ወለል ካለው ሦስት አራተኛ ያህል ነው፤ በእያንዳንዱ ትንፋሽ የሚገባው ኦክሲጅንም በዚያው ልክ ያንሳል። በከፍታ ላይ የተወለደ አካል ይህን በልዩ ልዩ መንገድ ቢለማመደውም፣ በተመሳሳይ ፍጥነት ልቡ ከቆላው ይልቅ ፈጥና ትመታለች። ሰዓቱ ይህን ሲያይ «የዚህ ሰው አቅም ዝቅተኛ ነው» ይላል። ያው ሯጭ ወደ አዳማ ወርዶ ቢሮጥ፣ ወይም ለውድድር ሮተርዳም ቢሄድ፣ በጥቂት ቀናት ውስጥ ቁጥሩ ከፍ ይላል፤ አካሉ ግን ያው ነው። አንዳንድ አዳዲስ ሰዓቶች ከፍታን አገናዝበው ለማረም ይሞክራሉ፤ ማረሚያው የተቀመረው ግን በዋነኛነት ከቆላ ወደ ደጋ ለጥቂት ሳምንት ለሚወጣ እንግዳ እንጂ በደጋ ተወልዶ ላደገ ሰው አይመስለንም። እስከ ዛሬ የታዩት ታላላቅ የረጅም ርቀት ሯጮች አብዛኞቹ በደጋ ተወልደው ያደጉ ሆነው ሳለ፣ መሣሪያው እነርሱን እንደ ልዩ ሁኔታ መቁጠሩ የሚያስተዛዝብ ነው።

በተጨማሪም ይህ ቁጥር በትክክል ቢለካ እንኳ አሸናፊውን አይለይም። ሁለት ሯጮች እኩል የኦክሲጅን አቅም ኖሯቸው አንደኛው በአንድ ኪሎ ሜትር የሚያወጣው ኦክሲጅን ካነሰ እርሱ ይቀድማል። ይህን ቁጠባ ሰዓቱ አያየውም። የካሎሪውን ነገር በአጭሩ ለመግለጽ፣ ከላይ የጠቀስነው የስታንፎርድ ጥናት ከሰባቱ መሣሪያዎች የተሻለው እንኳ በአማካይ በ27 በመቶ፣ የባሰው ደግሞ በ93 በመቶ መሳሳቱን አግኝቷል። ምግቡን በዚህ ቁጥር የሚመጥን ሯጭ ሊራብ ይችላል።

ሰዓቱና አሠልጣኙ

እንግሊዛዊው የሰው ባህል ተመራማሪ ማይክል ክራውሊ ከኢትዮጵያ ሯጮች ጋር ከአንድ ዓመት በላይ አብሮ እየሮጠ ኖሮ በ2020 መጽሐፍ አሳትሟል። ሯጮቹ «ኮንዲሽን» ስለሚሉት ነገር በሰፊው ይጽፋል። ኮንዲሽን የሚመጣና የሚሄድ፣ በዕረፍት፣ በምግብ፣ በቦታ ምርጫና ከሌሎች ጋር አብሮ በመሮጥ የሚገነባ ነገር ነው። ሰዓቱም «የመዘጋጀት ነጥብ» ወይም «የማገገሚያ ሰዓት» በሚል ስም ይህንኑ ለመናገር ይሞክራል፤ መነሻው ግን እንደ እንቅልፍና የልብ ምት መለዋወጥ ያሉ ዳሳሹ የሚያያቸው ነገሮች ናቸው። ሯጩ ትናንት ከቤተሰቡ የሰማውን ወሬ፣ የቤት ኪራዩን ጭንቀት፣ በጾም ወቅት የቀነሰውን ምግብ አያውቅም። ጧት ፊቱን አይቶ «ዛሬ ከኋላ ሁን» የሚለው አሠልጣኝ ብዙውን ያውቃል።

ይህን ስንል ዳሳሹ አይጠቅምም ማለታችን አይደለም። በእኛ እምነት ትልቁ ጥቅሙ በቀላል ቀን ላይ ነው። በቡድን ሲሮጡ ፉክክር ሳይታሰብ ይገባል፤ ዝግ ይላል የተባለው ሩጫ ወደ ውድድርነት ይለወጣል። በደረት ቀበቶ የተለካ የልብ ምት ይህን ፉክክር ለመግታት ጥሩ ዳኛ ነው። ሁለተኛው ጥቅሙ አንድን ሯጭ ከራሱ ጋር ማነጻጸር ነው፤ በአንድ መንገድ፣ በአንድ ሰዓት፣ በተመሳሳይ ፍጥነት የልብ ምቱ ባለፈው ወር ስንት ነበር? ዛሬስ? እንዲህ ሲነጻጸር የመሣሪያው ቋሚ ስሕተት ከሁለቱም ወገን ስለሚጣፋ የሚቀረው ልዩነት እውነት ይሆናል። ለዚህ ውድ ሰዓት አያስፈልግም። ዋጋው ያነሰ የደረት ቀበቶና አንድ ደብተር ይበቃል።

በውድድር ላይስ? የዓለም አትሌቲክስ ደንብ ሯጭ የልብ ምት፣ የፍጥነትና የርምጃ መለኪያ እንዲያሥር ይፈቅዳል፤ መሣሪያው ከሌላ ሰው ጋር የሚያነጋግር ከሆነ ግን ይከለክላል።

የመረጃው ባለቤትነት

የመጨረሻው ጉዳይ የቁጥሮቹ መኖሪያ ነው። ሰዓቱ የሰበሰበው ሁሉ በስልክ አማካይነት ወደ ኩባንያው ኮምፒዩተር፣ አብዛኛውን ጊዜ ወደ ሌላ አህጉር ይሄዳል። ስትራቫ የተባለው የአሜሪካ ኩባንያ በ2017 የተጠቃሚዎቹን ሩጫ በዓለም ካርታ ላይ አትሞ ባወጣ ጊዜ፣ በጥር 2018 አንድ አውስትራልያዊ ተማሪ በበረሃ መካከል የሚያበሩት መስመሮች የወታደራዊ ሰፈሮችን ቅርጽ እንደሚያሳዩ አስተዋለ። በ2024 ደግሞ የፈረንሳዩ ጋዜጣ ለ ሞንድ የመሪዎች ጠባቂዎች በሚያሳዩት ሩጫ የመሪዎቹ እንቅስቃሴ እንደሚታወቅ አጋለጠ። ሠልጥነው የተሰማሩ ጠባቂዎች ካልተጠነቀቁ፣ በየማለዳው በአንድ ሰዓት ብቻዋን ከአንድ በር የምትወጣ ወጣት ሯጭ መንገዷ ለማንም እንዲታይ ሆኖ እንደተቀመጠ ላታውቅ ትችላለች።

ከዚህም በላይ የሙያ ጥያቄ አለ። ወኪል ወይም የጫማ ኩባንያ የሯጩን ቁጥሮች ከሩቅ ሆኖ ማየት ሲችል፣ ውል ሲፈረምም ሲታደስም ቁጥሮቹ በጠረጴዛው ላይ ናቸው። በከፍታው ምክንያት ዝቅ ብሎ የተገመተ አቅም፣ በተሳሳተ የትውልድ ዓመት የተዛባ ልምምድ፣ በጫካ የተቆረጠ ርቀት ዋጋ መተመኛ ሊሆን ይችላል፤ ሯጩ ደግሞ ቁጥሩ ከየት እንደመጣ ስለማያውቅ ሊከራከር አይችልም። በአውሮጳ ከ2018 ጀምሮ የሚሠራው ሕግ ሰው ስለ ራሱ የተሰበሰበውን መረጃ የማየትና የማስጠፋት መብት ይሰጠዋል። በኢትዮጵያም በ2016 ዓ.ም. የግል መረጃ ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 1321/2016 ወጥቷል፤ የጤና መረጃንም ልዩ ጥበቃ ከሚሹት መካከል ይቆጥራል። አዋጁ ግን ሰዓቱን ያሠረው ወጣት እንዳለው ካላወቀ አይከራከርለትም።

ስለዚህ ሰዓት ለመላክ ያሰበ ወገን ከመላኩ በፊት የሚሠራቸው ጥቂት ሥራዎች አሉ። የትውልድ ዓመቱን በአውሮጳውያን አቆጣጠር አስልቶ ለተቀባዩ ይንገረው። ከፍተኛ የልብ ምት በሚለው ቦታ ቀመሩን ትቶ፣ ሯጩ በአሠልጣኙ ፊት በዳገት ላይ በሙሉ ኃይሉ ሮጦ ያገኘውን ቁጥር እንዲሞላ ይምከረው። የመንገድ ካርታው ለሕዝብ እንዳይታይ የሚያደርገውን መቈለፊያ አብሮት በስልክ ያስተካክል። መዝገቡ ሲከፈትም በላኪው ወይም በወኪሉ ኢሜይል አይከፈት፤ በሯጩ በራሱ ስም፣ ራሱ በሚያውቀው የይለፍ ቃል ይከፈት።